በአዳራሽ የደረቀ ደም

አባቴ አበጋር ነው። አገራችን ሐብሩ ውስጥ ይህን ማስረዳት አያስፈልግም፤ ለሌላው ሰው ግን፣ አበጋር ማለት የሟችንና የገዳይን ቤተሰብ አስታርቆ ደም የሚያደርቅ ሽማግሌ ነው። በሹመት አይገኝም፣ ከአባት ወደ ልጅ ይወርዳል። እኛ ቤት ግን የሚወርድበት ሰው ጠፍቷል። አንዱ ወንድሜ ዐረብ አገር ሹፌር ነው፣ ሌላው አዲስ አበባ የስልክ ዕቃ ይነግዳል፣ እኔ ደግሞ ሴት ነኝ፤ ወልድያ አንድ ኮሌጅ ውስጥ አስተምራለሁ። ወንድ ብሆን ኖሮም ቁጣዬ ለሽምግልና አይሆንም ነበር። አባቴ ራሱ «አንቺ የገባሽበት እርቅ ወደ ጦርነት ነው የሚሄደው» እያለ ይስቅብኝ ነበር።

አሠራሩን ከልጅነቴ ጀምሮ አውቀዋለሁ። ሽማግሌዎቹ በማለዳ ተነሥተው ከሟች ቤት አጥር ውጭ መሬት ላይ ይቀመጣሉ። ሸኹም ቄሱም አብረው ናቸው። ማንም ግቡ አይላቸውም፣ ውሃ እንኳ አይሰጣቸውም። ቤተሰቡ ቀልቡ ተመልሶ እስኪያናግራቸው ድረስ ፀሐይም ይክረር ዝናብም ይውረድ እዚያው ናቸው፤ ሲመሽ ይሄዳሉ፣ ሲነጋ ይመለሳሉ። ነገሩ ከለዘበ በኋላ አባቴ ይቆምና የቤቱን ወንዶች አንድ በአንድ «አንተስ?» እያለ ይጠይቃል። አባትየው ቢምርም የልጁ ቃል ለብቻው ነው፣ የአጎቱም ለብቻው። እያንዳንዱ በገዛ አፉ፣ እስላሙ «ለአላህ ብዬ ትቻለሁ»፣ ክርስቲያኑ «ለእግዜር ብዬ ትቻለሁ» ማለት አለበት። አንድ ሰው ዝም ካለ ሁሉም ተመልሶ ይቀመጣል። አንዴ ውርጌሳ አካባቢ አንድ አጎት ዝም ብሎ ክረምቱን ሙሉ አመላለሳቸው። እናቴ «ያ ሰውዬ ባሌን በብርድ ሊገድልብኝ ነው» ትል ነበር። በመጨረሻ ሰውዬው ተነፈሰ፣ ዱዓ ተደረገ፣ ቄሱም መስቀሉን አሳለመ፤ እስከ ዛሬ እዚያ ሰፈር ደም አልተመለሰም።

ይህን ሁሉ የማወራው በአንድ ባለ ባጃጅ ምክንያት ነው። ግራና አጠገብ ማሳቸው የሚዋሰን ሁለት ክርስቲያን ቤተሰቦች በመስኖ ውሃ ተራ ተጣልተው፣ የአንደኛው ልጅ የሌላኛውን የበኩር ልጅ በአካፋ መትቶ ገደለው። ገዳዩ ገና ጢሙን ያላወጣ ነበር። ተፈርዶበት ታሠረ፣ የእሥሩንም ጊዜ ጨርሶ ወጣ። ፍርድ ቤት ግን ደም አያደርቅም። እስኪታረቅ ድረስ ግራና መግባት አይችልም፤ ስለዚህ ወልድያ ቀርቶ የሰው ባጃጅ መንዳት ጀመረ። እናቱ ባሏ የሞተባት ሴት ናት፤ መሬቷን ለሌላ ሰው በእኩል ሰጥታ፣ በገበያ ቀን ወልድያ እየመጣች ልጇን መነኻሪያው አጠገብ ቆማ ታየዋለች። ሁለቱ ሲለያዩ አይቻለሁ። እሷ ሚኒባሱ ውስጥ ገብታ በመስኮት ታየዋለች፣ እሱ መኪናው እስኪሰወር ድረስ ባጃጁን አያስነሳም።

የማን ልጅ እንደሆንኩ ካወቀ ወዲህ ባገኘኝ ቁጥር የሚጠይቀኝ አንድ ነገር ብቻ ነበር።

«አብዬ ደህና ናቸው?»

«ደህና ናቸው።»

«እንግዲህ የእኛንም ነገር አይረሱት በይልኝ።»

የሚፈልገው ሌላ ነገር አልነበረም፤ አገሩ ገብቶ የእናቱን መሬት ማረስ። እኔም ቤተሰቦቼ ወዳሉበት ወደ መርሳ በሄድኩ ቁጥር አባቴን እወተውተዋለሁ። አባቴም አልረሳውም። ግን ጊዜው የድሮው ጊዜ አልነበረም። ከጦርነቱ ወዲህ መሣሪያ በየቤቱ አለ፣ ስብሰባ ፈቃድ ይጠይቃል፤ ሽማግሌ ተሰብስቦ በሰው አጥር ሥር ለቀናት ቢቀመጥ «ምን እየዶለቱ ነው?» የሚል ሞልቷል። ስለዚህ አባቴ በሕይወቱ ለመጀመሪያ ጊዜ ለማስታረቅ ፈቃድ ጠየቀ።

የተቀበለው የወረዳው ሹም ልጅ እግር ነው፣ ሥርዓትም አለው፤ ብድግ ብሎ ወንበሩን ለቀቀለት። «አባባ፣ እኛ እኮ እናንተን ስንፈልግ ነበር» አለው። አበጋሮች በአንድ የሰላም ኮሚቴ ውስጥ እንዲገቡ ታስቦ ነበርና አባቴ ባርኔጣ ተሰጥቶት ተመለሰ። ጽሑፍ ያለበት ነጭ ባርኔጣ። እኔ ሳየው ደሜ ፈላ። አባቴ ግን ከጥምጣሙ በላይ አድርጎ ሞከረውና «ለፀሐይ ይሆናል» አለ።

በዚያው ሰሞን የእኔ የሥራ ባልደረቦች ስለ ባህላዊ እርቅ ጥናት እየሠሩ ነበር። መጥፎ ሰዎች አይደሉም፤ ነገሩ እንዳይጠፋ ከልባቸው ነው የሚጨነቁት። ግን እንዳይጠፋ ሲሉ «ይዘምን» ይላሉ። ለቀናት መሬት ላይ መቀመጥ ጊዜ ይፈጃል፤ ስለዚህ አንድ ቀን ይበቃል፣ አዳራሽ አለ። ሁሉንም ሰው መጠየቅ አሰልቺ ነው፤ ስለዚህ ቤተሰቡ ይወከል። እኔ በጥናቱ ስብሰባ ላይ «ታዲያ ምኑ ቀረ?» ብዬ ጮህኩ። አንዱ ፈገግ ብሎ «አንቺ ልጃቸው ስለሆንሽ ስሜታዊ ትሆኛለሽ» አለኝ። ከዚያ በኋላ የተናገርኩት ለጽሑፍ አይሆንም። ሹሙ ግን ሐሳባቸውን ወደደው፤ ለአባቴ ፈቃዱን የሰጠውም በዚሁ መልክ ነው።

ሃይማኖቱም የራሱን ጥያቄ ይዞ መጣ። ከመስጊዳችን ወጣቶች የተወሰኑት ወደ አባቴ መጥተው፣ እጁን ስመው፣ ጫት ተይዞ የሚደረገው ዱዓ በዲኑ መሠረት እንደሌለው ነገሩት። ረጋ ብለው ነው የነገሩት፤ ዐረብኛውንም ከእሱ ይልቅ ያውቁታል። በሌላ በኩል የሁለቱ ቤተሰቦች ነፍስ አባት፣ ከአባቴ ጋር ስንት ጊዜ አጥር ሥር አብረው የተቀመጡት ቄስ፣ ከወጣቶቻቸው ወቀሳ ደረሰባቸው፤ በሸኽ ዱዓ ላይ ቆመው «አሜን» ማለታቸው ስንት ነገር አስነሥቶ ነበር። ሽማግሌው ቄስ ለአባቴ ስልክ ደውለው «እንግዲህ ወንድሜ፣ አርጅተናል፤ አታስቸግረኝ» አሉት። አባቴም አላስቸገራቸውም። በመጨረሻ ዱዓም ጸሎትም ቀርቶ ሁሉም በየልቡ ለአንድ ደቂቃ እንዲጸልይ ተስማሙ።

«አባዬ፣ አንተ ምን ትላለህ?» አልኩት።

«ዝም ብሎ የሚደረግ ዱዓ አላውቅም። ግን ጨርሶ ከሚቀር እንዲህም ቢሆን ይደረግ። ያ ልጅ አገሩ ይግባ።»

የእርቁ ቀን መርሳ አዳራሽ ውስጥ ነበርኩ። ግድግዳው ላይ ትልቅ ጨርቅ ተሰቅሏል፣ መድረኩ ላይ የፕላስቲክ አበባና የታሸገ ውሃ ተደርድሯል። የአጥር ሥሩን ሥርዓት የሚያውቅ ሰው ያንን ውሃ ሲያይ ምን እንደሚሰማው እኔ አውቃለሁ፤ አባቴ አልነካውም። ሹሙ ተናገረ፣ ባልደረባዬ ስለ ጥናቱ አብራራ፣ ካሜራ የያዘው ሰው አባቴን «እስኪ ባርኔጣውን ያድርጉት» አለው። ከዚያ የአንድ ደቂቃው ዝምታ ሆነ። አባቴ ከልማዱ የተነሣ እጆቹን ወደ ላይ አነሣ፣ ግራ ቀኙን አየና መልሶ ጭኑ ላይ አስቀመጣቸው። 

የሟቹ አባትና ባለ ባጃጁ መድረክ ላይ ወጡ። ባለ ባጃጁ እግራቸው ላይ ወደቀ፤ አባትየው እያለቀሱ አነሡት፣ «ለእግዜር ብዬ ትቻለሁ» አሉ። ከልባቸው ነበር። በዚህ አልጠራጠርም። የባለ ባጃጁ እናት ከኋላ ወንበር ላይ ነጠላዋን አፏ ላይ ጭና ስታለቅስ አጠገቧ ነበርኩ፤ እኔም አለቀስኩ። ሰዉ ማጨብጨብ ሲጀምር አባቴ ብድግ አለና በአዳራሹ ሰው መሃል በዓይኑ መፈለግ ጀመረ።

«የሟቹ ታናሽ ወንድምስ? አላየሁትም» አለ።

መድረክ የሚመራው ሰው ማይክራፎኑን ራቅ አድርጎ «ቤተሰቡ እኮ ተወክሏል አባባ» አለው።

«በአፉ አልተናገረም።»

«አባታቸው ተናግረዋል፤ እንቀጥል፣ ሰዓት የለንም።»

አባቴ ቆሞ ቀረ። አባትየው እራሳቸው «አብሽር ወንድሜ፣ እኔ አለሁ፣ እሱን ለእኔ ተወው» አሉት። እኚያን ደግ ሰው በዚያ ሁሉ ሕዝብ ፊት «አንቱ አይበቁም» ማለት እንዴት ይቻላል? የድሮው ቦታ ቢሆን ዝም ብሎ መሬት ላይ ይቀመጥ ነበር። አዳራሽ ውስጥ ግን መቀመጥ ማለት መስማማት ነው። ተቀመጠ።

ባለ ባጃጁ ባጃጁን ለባለቤቱ መልሶ ግራና ገባ። እናቱ ያንን ሰሞን መርሳ መጥታ ለአባቴ ማር አመጣችለት፤ ልጇ እንዴት እንደሚበላ፣ መሬቱን እንዴት እንደያዘው፣ ሽንኩርቱ እንዴት እንደያዘለት እየነገረችን ዋለች። አባቴም ደስ አለው፤ በከንቱ እንደሠጋ መሰለው። እኔ ራሴ ባልደረቦቼን ይቅርታ ልጠይቅ ዳር ደርሼ ነበር።

ሽንኩርቱ አልደረሰም። ባለ ባጃጁ በጠራራ ፀሐይ ውሃ እየመራ ሳለ የሟቹ ታናሽ ወንድም መጥቶ በጥይት መትቶ ገደለው። አልሸሸም አሉ፤ ሰው እስኪሰበሰብ ቆመ። ጎረቤቶቹ «ታርቃችሁ አልነበር ወይ?» ሲሉት «እኔን ማን ጠየቀኝ?» ብሎ ነው ወደ ዱር የሄደው።

ይህን በስልክ የነገረኝ አባቴ ራሱ ነው።  እኔ ግን አላስችለኝ ብሎ ሁሉንም ዞሬ ጮህኩባቸው። ሹሙ አንገቱን ደፍቶ ሰማኝ፤ በሪፖርቱ ላይ ግን የግለሰብ ድርጊት ተብሎ ተጻፈ። ባልደረባዬ አዘነ፣ በእውነት አዘነ፤ የጥናት ጽሑፉ ግን አስቀድሞ ታትሟል፣ እዚያ ውስጥ ያ እርቅ እስከ ዛሬ እንደሠመረ ነው። የሁለቱም ሃይማኖት ወጣቶች በየበኩላቸው አምልኮው ስላልጠራ ነው አሉ። ሁሉም ዘመኑን ለመምሰል ጥቂት ጥቂት ቆርጦ ነበር፤ ከተቆረጠው መሃል የልጁ ነፍስ እንደነበረች የሚያምን ግን አላገኘሁም። አባቴ ብቻ ያምናል። እሱ ደግሞ ሌላ ሰው አይወቅስም፣ ራሱን ነው።

ከዚያ ወዲህ ሰው ሊያስታርቅ አልወጣም። ባርኔጣውን እናቴ የት እንዳደረገችው አላውቅም። የባለ ባጃጁ ታናሽ ወንድም ትምህርቱን ትቶ፣ መሣሪያ ይዞ የወንድሙን ገዳይ እየፈለገ መሆኑን ሰማን። የገዳዩ አባት፣ እኚያ አዳራሽ ውስጥ ያለቀሱት ሰው፣ አሁን በተራቸው ሽማግሌ እየለመኑ ነበር። ሹሙም ደወለ፤ «አባባ፣ በዚህኛው ላይ እንደ ድሮው እንዳሻዎ ያድርጉት፣ ማንም አይነካዎትም» አለው። አባቴ ለቀናት ከራሱ ጋር ሲሟገት ከረመ። በመጨረሻ ልሄድ ነው አለኝ፤ የባለ ባጃጁ እናት እስክትምር ከአጥሯ ሥር ሊቀመጥ። እኔም ለመጀመሪያ ጊዜ ትንሽ ተስፋ አደረግኩ።

ሳይሄድ እሷ መጣች። ጥቁር ለብሳለች፣ ፀጉሯን ተላጭታለች። አባቴ ሊነሣላት ሲል ትከሻውን ይዛ አስቀመጠችው፤ እሷ ግን አልተቀመጠችም።

«ሽማግሌ ሊልኩብኝ ነው አሉ» አለችው።

«ሰምቻለሁ ልጄ።»

«አንቱ አይምጡብኝ።»

አባቴ አንገቱን ደፋ። «ልክ ነሽ። ምን ፊት አለኝ፤ ልጅሽ አገሩ የገባው በእኔ ቃል ነው።»

«ለዚያ አይደለም፤ አንቱ ላይ ቂም የለኝም፣ ማርያምን። ሌላው ቢመጣ ዓመት ቢቀመጥ እንቢ እላለሁ። አንቱን ግን አጥሬ ሥር ብርድ ሲመታዎት ካየሁ አልችልም፤ እምራለሁ። ይቅር ማለት ደግሞ አልፈልግም፣ ልጄንም ተው ማለት አልፈልግም። እግርዎ ላይ ወድቄያለሁ፣ አይምጡብኝ።»

እውነትም ወደቀች። አባቴ ሊያነሣት ሞከረ፣ ጉልበት አነሰውና እኔ አገዝኩት። ቆማ ፊቱን እያየች መልሱን ጠበቀች። እኔ «እንቢ በላት፣ እሄዳለሁ በላት» እያልኩ በልቤ እለምነው ነበር።

«አልመጣም» አላት።

እጁን ስማ ሄደች።