በባንዲራ ቀን የተወለደው ሰው

ሰኞ፣ የካቲት 3 ቀን 2017 ዓ.ም.፤ እዚህ በሚቆጠረው ፌብሩዋሪ 10፣ 2025። የቱባ ክፍል ጣሪያ አልተከደነም።

ክፍሉ ያለበት ቤት በምድር ላይ የለም። ወንድሜ ባህሩዲንና ዘጠኝ ዓመት የሆናት ልጁ ቱባ በጌም ውስጥ፣ ከአንድ ወንዝ ዳር የሠሩት ቤት ነው። እሱ አሜሪካ፣ ሚኒያፖሊስ ሲዋርድ ሰፈር፣ እሷ ከእናቷ ከሹክሪያ ጋር ዱባይ አጠገብ ሻርጃ፣ በየፊናቸው ቴሌቪዥን ፊት ተቀምጠው ድንጋዩን አብረው ደረደሩ። ሌሎቹ ክፍሎች የሣር ክዳን ለብሰዋል። ቱባ ግን የኔ ክፍል በቀይ ሸክላ ካልሆነ አይከደንም ብላ ክፍት አቆየችው። ሸክላውን አመጣለሁ ያለው ባህሩዲን ነበር። በዚያው ሰኞ ምሽት ወደ ሥራ ሲነዳ፣ መጋዘኑ ያለበት ሻኮፒ ከተማ ሳይደርስ መኪናው በረዶ ላይ ተንሸራተተና ሞተ። ፖሊስ የሰጠኝን ወረቀት አንብቤዋለሁ፤ ከዚህ በላይ የሚለው ነገር የለም።

ባህሩዲን ሐምሌ 3 ቀን 1979 ዓ.ም. ደሴ ተወለደ። ፓስፖርቱ ጁላይ 10፣ 1987 ይላል፤ ትክክል ነው፣ አንድ ቀን ነው። ኤሌክትሪክ ሠራተኛ ነበር፤ በኋላ ሻርጃ ሄዶ መጋዘን ውስጥ ሠራ፤ እዚያው ሹክሪያን አገባ፤ ቱባ እዚያው ተወለደች። ወደ አሜሪካ የመጣው ብቻውን ነው። ሚስቱና ልጁ እንዲከተሉት ማመልከቻ አስገባ። መልሱ ሁልጊዜ «በሂደት ላይ» ነበር። ሂደቱ ሳያልቅ እሱ ከአገር ከወጣ ጉዳዩ ሊበላሽ ይችላል ብላ ማመልከቻውን የያዘችው ጠበቃ አስጠንቅቃው ነበር። ስለዚህ ቁጭ አለ።

ጌሙን የጀመረው ሻርጃ ሳለ ነው። የጌም ማሽኑን ገዝቶ አካውንት ሲከፍት አገርህን ምረጥ አለው። በዝርዝሩ ውስጥ ኢትዮጵያ አልነበረችም። ወረደ፣ ወጣ፣ ደግሞ ወረደ፤ መጨረሻ የሚኖርበትን ኤምሬትስን ነካ። አንዴ የተመረጠ አገር እንደማይቀየር ከሥር ተጽፏል፤ ማን ያነበዋል? ለቱባም የልጅ አካውንት ከፈተላት። የልጅ አካውንት በወላጅ ሥር ነው፤ ልጅቱ ከማን ጋር እንደምትጫወትና ከማን ጋር እንደምታወራ የሚፈቅደው የአባቷ አካውንት ነው።

ወደ አሜሪካ ሲመጣ ማሽኑን ለልጁ ትቶላት መጣ። እዚህ ኩን ራፒድስ ከምትባል አጎራባች ከተማ ያገለገለ ማሽን ከነጌሙ ዲስክ ገዛና በድሮው አካውንት ገባ። ወንዙን ያገኙት ያኔ ነው። ከሻኮፒ መጋዘን የሌሊት ፈረቃውን ጨርሶ ጠዋት ሲመለስ ሻርጃ መሽቶ፣ ቱባ የቤት ሥራዋን ጨርሳ ትጠብቀዋለች። ጃኬቱን ሳያወልቅ ምንጣፉ ላይ ይቀመጣል።

«ባባ፣ አሁንም በሩን ረሳኸው! ፍየሏ ገባች!»

«የማን ፍየል ናት?»

«ያንተ። አንተን ነው የምትመስለው፣ ጺም አላት።»

መሬቱ በእሱ አካውንት የተያዘ ስለሆነ እሱ ካልገባ በሩ አይከፈትም። ቱባ ቀድማ ከደረሰች ደጅ ቆማ አበባ ትተክላለች። በሩ አጠገብ ያለው ቢጫ አበባ ሁሉ የመጠበቂያ አበባ ነው።

በመስከረም መጨረሻ ከሌላ ሰው ጋር በኢንተርኔት ለመጫወት የሚከፈለው ክፍያ ጊዜው አለቀ። ሊያድስ የባንክ ካርዱን አስገባ። ካርዱ በዚህ አገር መደብር አይሠራም አለው። ሌላ ካርድ ሞከረ፤ እሱንም አልተቀበለውም። ከሱቅ የስጦታ ካርድ ገዛ፤ ይህ ለአሜሪካ አካውንት ነው ተባለ። አብሮት የሚኖረውና መጋዘኑ ውስጥም አብሮት የሚሠራው ሙሀይሚን ሶፋው ላይ ተጋድሞ ይስቅበታል።

«አንተ እዚህ ነህ፤ አካውንትህ ኤምሬትስ ነው። እዚህም የለህ፣ እዚያም የለህ።»

«አዲስ ልክፈታ?»

«ክፈት። አሜሪካ በል፣ ገላገልከን።»

«ቤቱስ? ቱባስ? እኔ ከወጣሁ እሷ በማን ሥር ትሆናለች?»

ሙሀይሚን ከሶፋው ተነሣ። «እንግዲያው ቪፒኤን እንጫንለት። ራውተሩ ላይ ይገባል፤ ማሽኑ ሻርጃ ያለህ ይመስለዋል።»

«ውሸት አይሆንም?»

«አቦ ተወና! ማሽን ነው፣ ወላሂ አይቀየምህም።»

ተጫነ። ካርዱን የሚከለክለው አካውንቱ እንጂ ያለበት ቦታ ስላልነበረ ምንም አልጠቀመም። ጎዳው እንጂ። ኩባንያው ይህ ሰው አሁን ሚኒያፖሊስ ነበር፣ አሁን ደግሞ ኤምሬትስ ሆነ፤ አካውንቱ ተሰርቋል ብሎ ጠረጠረ። በማግስቱ ጠዋት ባህሩዲን ጃኬቱን እንደለበሰ ሲቀመጥ ስክሪኑ ላይ ያገኘው «ለእርስዎ ደህንነት ሲባል አካውንትዎ ተቆልፏል» የሚል ነው። ስልኩ ላይ የቱባ ድምፅ ገባ።

«ባባ፣ በሩ ላይ ነኝ። አልከፈት አለኝ። ተኛህ እንዴ?»

ኩባንያው በጽሑፍ የሚያነጋግር ሰው መደበለት። ሰውየው ጨዋ ነበር፤ የጠየቀውም አንድ ነገር ብቻ ነው፤ አካውንቱ ሲከፈት የተሞላው የልደት ቀን። ባህሩዲን ፓስፖርቱን አይቶ ጻፈ። አይመሳሰልም አሉት። ደወለልኝ።

«እታለም፣ እኔ መቼ ነው የተወለድኩት?»

«ሐምሌ 3፣ 79። በነሱ ጁላይ 10፣ 87።»

«እሱን አልኳቸው። አይደለህም አሉኝ።»

ምናልባት ወሩና ቀኑ ተገላብጦ ይሆናል ብዬ ሁለተኛውን ሙከራ ያስሞከርኩት እኔ ነኝ። አልሆነም። አንድ ዕድል ቀርቷል፣ እሱም ካልሆነ አካውንቱ ለዘለቄታው ይዘጋል ተባለ። ፓስፖርቴን ልላክ ቢል፣ ወረቀት አንቀበልም አሉት። የቀረችውን አንድ ዕድል ሊነካት ፈራ። ጠዋት ጠዋት ከሥራ ሲመለስ አይቀመጥም፤ ክፍሉ ውስጥ ከመስኮት እስከ በር ይንጎራደዳል። ቱባ የድምፅ መልእክት መላኩን እያሳነሰች መጣች። መጀመሪያ ጥያቄ ነበር፤ በኋላ «እሺ ባባ» ብቻ ሆነ። እሱን የበላው ያ «እሺ» ነው። «እንደ ቪዛው ቆጠረችው መሰለኝ» አለኝ አንድ ቀን፣ «መጠየቅ ተወች።»

አንድ እሑድ እኔ ቤት ሆነን በቪዲዮ ደወልን። ባህሩዲን ለሹክሪያ ሲያስረዳ ቱባ ከኋላ ሆና ፀጉሯን ትሠራለች።

«የልደት ቀኔን አላመኑኝም፣ ስሚ። ራሴን መሆኔን ማስረዳት አቃተኝ።»

ቱባ ቀና አለች። «ባባ የተወለደው በባንዲራ ቀን አይደል?»

ሹክሪያ ሳቀች። «የምን ባንዲራ ቀን? አባትሽ በክረምት፣ በጭቃ ነው የተወለደው።»

«አይደለም! ማሽኑ ነው የሚለው። ከስኩል ባንዲራ ይዤ ስመጣ ሁሌ ኬክ ያሳየዋል፤ ሃፒ በርዝደይ ይለዋል።»

ኤምሬትስ ውስጥ ትምህርት ቤቶች ባንዲራ የሚሰቅሉበት ቀን ኖቬምበር 3 ነው። ባህሩዲን ኬኩን ያየው ነበር፤ ማስታወቂያ ነው ብሎ ያልፈዋል። አሁን ስልኩን ለእኔ ሰጠኝና በጣቱ መቁጠር ጀመረ። መስከረም፣ ጥቅምት፣ ኅዳር። ሐምሌ ላይ ሲደርስ ጣቱ አልበቃውም።

«አሥራ አንድ!» አለ። «ሐምሌ አሥራ አንደኛ ወር ነው! ሦስት፣ አሥራ አንድ፣ ሰባ ዘጠኝ ብዬ ሞልቼዋለሁ!»

«ዓረብ አገር ተቀምጠህ በደሴ ቆጠርክ?» አለች ሹክሪያ። «ስምንት ዓመት ሙሉ አረጀህብኝ ማለት ነው!»

«ምን ላድርግ፣ መቼ ተወለድክ አሉኝ፤ የተወለድኩበትን ነገርኳቸው።»

የቀረችውን ዕድል በኖቬምበር 3፣ 1979 ተጠቀመባት። አካውንቱ ተከፈተ። ቱባ ሻርጃ ሆና ስትጮህ ጎረቤት ግድግዳ መታ።

አካውንቱ ግን ያው የኤምሬትስ ነው። ባህሩዲን ቪፒኤኑን አስነቀለ። ከዚያ ወዲያ ሹክሪያ ከፎቃቸው ሥር ካለው ሱቅ የእዚያውን አገር ካርድ እየገዛች፣ በሳንቲም እየፋቀች የምሥጢር ቁጥሩን በስልክ ታነብለታለች።

«ኦ ነው ዜሮ?»

«ክብ ነው።»

«ሁለቱም ክብ ናቸው፣ ሹኪ!»

ቤቱ ተከፈተ። ፍየሏ ውስጥ ነበረች። ወዲያው ቱባ ሸክላዋን ጠየቀች። ቀይ ሸክላ ለብቻው የሚገዛ ዕቃ ነው፤ በካርዱ ተገዛ፤ ስክሪኑም ገዝተዋል አለ። ዕቃ ማስቀመጫው ውስጥ ግን የለም። ሙሀይሚን ሲያጣራ፣ ከኩን ራፒድስ የተገዛው ዲስክ ለአሜሪካ የተሠራ ነው፤ ሸክላው የኤምሬትስ ነው፤ አይተዋወቁም።

«ገዝተናል አይደል፣ ባባ?»

«ገዝተናል።»

«ታዲያ የት አለ?»

«መንገድ ላይ ነው» አላት።

የኤምሬትስ ዲስክ ከሻርጃ በሰው ተላከ። ኩን ራፒድስ የምትኖር ዱረቲ የምትባል የነርስ ረዳት ሻርጃ ያለችውን እህቷን ልትጠይቅ ሄዳ ነበር። ሹክሪያ የእዚያ አገር ዲስክ ገዝታ በእሷ እጅ ሰደደች።

አካውንቱ የሚያውቀውን የወንድሜን የልደት ቀን አሁን ከእኔ ሌላ የሚያውቀው ጥቂት ሰው ነው። በኖቬምበር 3 አካውንቱን ማስከፈት እችል ይሆናል። ሙሀይሚን ማሽኑን ሲያስረክበኝም የጠየቀኝ ይህንን ነው። ግን በእሱ ስም በገባሁ ቁጥር በቱባ ስክሪን ላይ አባቷ ገብቷል የሚል ጽሑፍ ይወጣል። ልጅቱ አድጋ በራሷ እስክትወጣ ድረስ ደግሞ አካውንቷ ከእሱ ሥር ነው፤ እሱ ካልፈቀደላት አዲስ ጓደኛ መጨመር አትችልም። ሹክሪያ ሌላ አካውንት ልትከፍትላት ብትል «ቤቱስ?» አለቻት። የቪዛው ማመልከቻም በእሱ ስም ነው፤ ጠያቂው ሲሞት ምን እንደሚሆን ጠበቃዋን ጠይቄአለሁ፤ መልስ አልደረሰኝም። ማሽኑ አሁን እኔ ሳሎን ነው። አልሰካሁትም።

የመጨረሻውን ቀን ከዱረቲና ከሙሀይሚን የሰማሁትን አመሳክሬ ጽፌዋለሁ።

ከሰዓት በኋላ ኩን ራፒድስ ሄደ። ዱረቲ በር ከፈተችለት።

«ግባ እንጂ ወንድሜ፣ በር ላይ ይቆማል እንዴ? ሻይ ጥጃለሁ።»

«ሌላ ቀን። ልጄ ስትነቃ ዝግጁ ሆኖ እንዲጠብቃት ነው።»

«አይ አባት! እንካ እንግዲህ። እናቷ እንዳይጫር ብላ በካልሲ ጠቅልላ ነው የሰጠችኝ።»

ካልሲው የቱባ ነው፤ ነጭ፣ ጣቱ ጋ የተበሳ። ባህሩዲን ገልበጥ አድርጎ አየውና «እግሯ አድጓል» አለ። አመስግኖ ሄደ።

ቤት ሲገባ ሙሀይሚን የዕረፍት ቀኑ ስለነበር ሶፋው ላይ ነው። ባህሩዲን የድሮውን ዲስክ አውጥቶ አዲሱን ከተተ፤ ማሽኑ አጉረመረመና ዋጠው።

«ተዋወቁ?» አለ ሙሀይሚን።

«ቆይ።»

ዕቃ ማስቀመጫውን ከፈተ። ቀዩ ሸክላ ተደርድሮ ተቀምጧል። አንዱን አንሥቶ ወደ ክፍሏ ወሰደው፤ ግድግዳው ጫፍ ላይ ሊያሳርፈው ሲል ተወው።

«ምነው? ክደነዋ!»

«የመጀመሪያውን እሷ ታስቀምጠው።»

ሸክላውን ወደ ቦታው መለሰ። ወጥቶ የቤቱን በር ዘጋ፤ ፍየሏ ውጭ መሆኗን አየ። ማሽኑን አጠፋ። የድሮውን ዲስክ ማቀፊያው ውስጥ ከቶ ለሙሀይሚን ሰጠውና፣ ካልሲውን አጥፎ ጃኬቱ ኪስ ውስጥ ከትቶ ወደ ሥራ ወጣ።