ከታገደችው መኪና ጋር የከረምኩበት ግቢ

እኔ ትምህርት ቤት የሄድኩት ልጆቼን ለማድረስ ብቻ ነው። ይህን የምለው ሰው እንዲያዝንልኝ ሳይሆን እንዲያውቀኝ ነው። ፈረንሳይኛን ከሱቅ ማስታወቂያና ከሬዲዮ፣ ሶማሊኛን ከጫኝና አውራጅ፣ ዐረብኛን ከነጋዴ ለቅሜ፣ ዛሬ በዚህ የወደብ ከተማ፣ በካርቲየ ስድስት ሰፈር፣ አንድ ሹፌር ነገር ሲገጥመው መጀመሪያ የሚያንኳኳው የእኔን በር ነው።

ባለፈው ሳምንትም ከነፃ ንግድ ቀጠናው አንድ ወጣት መጣ። መኪናውን ፍርድ ቤት አግዶበታል። «ጋሼ፣ አገር ቤት ደርሼ ብመለስ ፍርድ ቤት እንደ መድፈር ይቆጠርብኛል?» አለኝ። ወረቀቱን አነበብኩለት። ከዚያ ቀዝቃዛ ውሃ አስቀርቤ የራሴን ነገርኩት።

ያኔ ድሬዳዋ ያለችው ሚስቴ ዘነበች የመጀመሪያ ልጃችንን ልትወልድ ተቃርባለች። እኔ የምነዳት የጭነት መኪና ባለቤትና አንድ ነጋዴ በተበላሸ ጭነት ተካሰሱና፣ ዳኛው ክርክሩ እስኪያልቅ መኪናዋ ከባቡር ጣቢያው ጀርባ ካለው ግቢ እንዳትወጣ አዘዙ። እኔም አብሬያት ቀረሁ። መኪናው የታገደበት ሹፌር ራሱም እንደታገደ ነበር ሁላችንም የምናምነው።

ትኩሱ ነፋስ አሸዋ የሚነዛበት ወራት ነበር። ከመኪናዋ ጎን ካለው የብረት ሣጥን ምድጃዬን አውጥቼ ሽሮ እሠራለሁ፤ ሽሮው ጥርስ ላይ ይንቀጫቀጫል። ጋቢናው እንደ ምጣድ ስለሚፋጅ ከመኪናዋ ሥር እተኛለሁ። ባቡሩ ወደ ድሬዳዋ ሊነሳ ሲል ጩኸቱ ግንቡን አልፎ ይመጣል፤ ያን ጊዜ ሽሮውም አይወርድልኝም። የግቢው በር ቁልፍ አልነበረውም። እኔ ግን ደጅ ዳቦ ገዝቼ ስመለስ እንኳ እሮጥ ነበር።

አንድ ቀን ጎማዎቹ በፀሐይ እንዳይሰነጠቁ ሞተር አስነስቼ እዚያው ግቢ ውስጥ ወዳለች ዛፍ ጥላ አስጠጋኋት። የነጋዴው ሰው አይቶኝ «ሊያመልጥ ነበር» ብሎ አመለከተ። ፍርድ ቤት ደፍረሃል ተብዬ ቀረብኩ።

አስተርጓሚው ሮብሌ የሚባል ድሬ ያደገ ሶማሌ ነበር። እኔ ግን በራሴ ፈረንሳይኛ ተናገርኩ። ዳኛው መነጽራቸውን አውልቀው ሰሙኝ።

«ያዘዝኩት መኪናዋ ከግቢው እንዳትወጣ ነው» አሉ። «ጥላ መግባት መውጣት አይደለም።» ቀጥለውም፣ «አንተን ግን እዚያ ማን አስቀመጠህ? ትእዛዙ የመኪናዋ ነው። ቤትህ መሄድ ትችል ነበር» አሉኝ።

ያ ሁሉ ባቡር ጥሎኝ ሄዷል።

ሮብሌ በአማርኛ፣ «አቦ፣ አመሰግናለሁ በልና ውጣ» ብሎ ሹክ አለኝ።

ነገር ግን የነጋዴው ጠበቃ ፈገግ ሲል አየሁት። ሰው ሲስቅብኝ አልወድም። ቀና ብዬ፣ «ክቡር ዳኛ፣ የቆየሁት ወድጄ ነው። እኔን የሚያክል ጠባቂ ለዚያች መኪና በዚህ ከተማ አይገኝም» አልኩ።

«ጥሩ» አሉ ዳኛው፤ «እኛም ጠባቂ ያስፈልገን ነበር።» ጸሐፊው ጻፈ፤ ክርክሩ እስኪያልቅ ጠባቂው እኔ፣ ትቼ ብሄድ ተጠያቂው እኔ። አሁን ትእዛዙ በስሜ ሆነ።

በረንዳው ላይ ሮብሌ፣ «ፈረንሳይኛህ ጥሩ ነው፤ ምናለ ትንሽ ባነሰ» አለኝ።

ዘነበች መውለዷን የነገረኝ ከባቡር የወረደ የሰፈራችን ሰው ነው። ግቢው በር ላይ ቆሞ፣ «ሴት ናት፤ ማርያም ምራታለች» አለኝ። እኔ ጎማ ላይ ተቀምጬ ነበር። ከተቀመጥኩበት አልተነሳሁም።

ታሪኬን ስጨርስ ወጣቱን፣ «ወረቀቱ አንተን አይልም፣ ሂድ» አልኩት። «ቢጠይቁህም አጭር መልስ ስጥ።»

«እርስዎ ግን እንዴት ቻሉት?» አለኝ ሊወጣ ሲል።

ቆጠርኩለት። ያን ግቢ ችያለሁ። ዳኛ ፊት ያለ አስተርጓሚ ቆሜ ከእስር ተርፌያለሁ። መኪናዋን ብሎን ሳይጎድላት አስረክቤያለሁ። ሕግን ያለ አስተማሪ ተምሬ ስንቱን ሹፌር ከጭንቅ አውጥቻለሁ። ልጄም መዳህ ሳትተው ደርሼባታለሁ።