ትከሻቸው ላይ የቀሩ ጣቶች

ፎቶ ኮፒ ቤቱ ውስጥ ከፊቴ የቆሙት ሽማግሌ ኮታቸው ጥንቅቅ ብሎ ተተኩሷል፤ የእጅጌው ቁልፍ ግን መስፋት ባልለመደ እጅ፣ በማይገጥም ክር ተተክሏል። ስልካቸውን ሲሰጧት ሠራተኛዋ ስክሪኑን አይታ ሳቋ አመለጣት። እኔም አንገቴን አስግጌ አየሁና አወቅኩት። ማን እንደሠራቸው ሳይታወቅ ከስልክ ስልክ ከሚዞሩት የቀልድ ስቲከሮች አንዱ ነው፦ ሊያስነጥሰው ሲል አፉን ከፍቶ ዓይኑን የጨፈነ ሰውዬ። የዚያ ፊት ባለቤት ይኸው ከፊቴ ቆመዋል።

አልተቆጡም። ዝናብ እንደሚያሳልፍ ሰው ሳቋ እስኪያባራ ጠበቁ።

"ሙሉውን ፎቶ ማውጣት ይቻላል፣ ልጄ?"

"አይ አባባ፣ ዙሪያውን ቆርጠውታል። ዋናው ከሌለ የተቆረጠው አይመለስም።"

"ዋናውማ ከተሰረቀው ስልኬ ጋር ሄደ።" ጣታቸውን ስክሪኑ ላይ አሳረፉ። "እንግዲያው እነዚህን ብቻ አጉልተሽ አትሚልኝ።"

ትከሻቸው ላይ፣ ቆራጩ የዘነጋቸው ሁለት የሴት ጣቶች አሉ። ምስሉን ስንቴ አይቼዋለሁ፤ እነሱን ግን ልብ ብዬ አላውቅም።

ልጅቷ ድምፅዋን ዝቅ አደረገች። "ባለቤትዎ ናቸው?"

"ፎቶ መነሳት አትወድም ነበር። ያን ቀን ግድ ብያት ነው አጠገቤ የቆመችው።"

ስታጎላቸው ጣቶቹ ደበዘዙ፤ ጭጋግ መሰሉ።

"አባባ፣ ምንም አይለይም። ፊትዎን ጭምር ላስገባው?"

"እኔን ቁረጪኝ" አሉ። "እኔንማ አገር ሁሉ በየስልኩ ይዞኛል።"