ዶሮዎቹ የሚያውቁት ቋንቋ

ልጄ መሠረት ከታይዋን የላከችልኝን ድምፅ የከፈትሁት ጠዋት ነው፤ ከሐይቁ የሚመጣው የእምቦጭ ሽታ ቤቱን ሞልቶት፣ ለምሳ ሽንኩርት ስከትፍ። ብዙ ጊዜ የምትልክልኝ የልጅ ልጄን የሊያን ሳቅ ነበር፤ ያን ዕለት ግን የመጣው የአማቷ ድምፅ ነው። አሮጊቷ ደም ግፊት ጥሏቸው፣ ግማሽ ጎናቸው አልታዘዝ ብሏቸው፣ ከአልጋ ከዋሉ ሰንብተዋል። አንዲት ቃል ይደጋግማሉ፤ «ጹይ፣ ጹይ» ይላሉ፣ መጀመሪያ በልመና፣ ቀጥሎ በቁጣ፣ በመጨረሻ ለራሳቸው ብቻ እንደሚያወሩ ሆነው። ልጄ ከጎናቸው በቻይንኛ ታባብላቸዋለች። እኔ ከሁለቱም የገባኝ የለም፤ ግን ቢላዋውን አስቀምጬ ቁጭ አልሁ። ቃሉን ባላውቀውም ድምፁን አውቀዋለሁ፤ ሰው በገዛ ቤቱ፣ በገዛ ልጆቹ መሀል ተናግሮ የሚሰማው ሲያጣ የሚያወጣው ድምፅ ነው።

ቀጥሎ የመሠረት የራሷ ድምፅ መጣ፣ እያለቀሰች። እሷ እዚያ አገር ለትምህርት ሄዳ የለመደችው ማንዳሪን የሚባለውን፣ የመንግሥቱንና የትምህርት ቤቱን ቻይንኛ ነው። አማቷም እስኪታመሙ ድረስ በዚያው ያወሯት ነበር። በሽታው ግን ማንዳሪኑን ጠርጎ ወስዶ የልጅነታቸውን ታይዋንኛ ብቻ ተወላቸው። በማንዳሪን «ጹዌይ» አፍ ነው፤ ልጄ «አፌን» ያሏት መስሏት ቀኑን ሙሉ በእርጥብ ፎጣ አፋቸውን ስትጠርግ ዋለች። አመሻሽ ላይ ባሏ ከሥራ ሲገባ ነው ነገሩ የወጣው። በእናቱ ቋንቋ «ጹይ» ውሃ ነው።

«እማ፣ አፋቸውን እየጠረግኩ በውሃ ጥም ልገድላቸው ነበር እኮ!» አለችኝ።

ደወልሁላት። «እንዴ፣ እሳቸውስ ቻይና አይደሉ? እኛ ሄድሁ ስንል አዲስ አበቤው ሄድኩ እንደሚለው ነው?» ብላት ከእንባዋ መሀል ሳቀች። «አይ እማ፣ ይርቃል። እንደ አማርኛና እንደ ትግርኛ አድርገሽ ያዥው። ዘራቸው አንድ ነው፣ ፊደላቸው አንድ ነው፣ ያልተማረ ሰው ግን አይሰማውም» አለችኝ። እዚያ ሰፈር እንዲህ ያለው ብዙ ነው አሉ፤ ከባሕሩ ወዲያ ማዶ፣ ቀድሞ አያቶቻቸው ከተነሡበት ከዋናው ቻይና፣ ያሉት ዘመዶቻቸውም የዚህኑ ቋንቋ ወንድም ይናገራሉ፤ ሌላው አገር ደግሞ ሌላ አለው፤ ሁሉንም በአንድነት ቻይንኛ ይሏቸዋል፣ እርስ በርሳቸው ግን አይደማመጡም። አማቷ ልጅ ሳሉ ትምህርት ቤት ውስጥ ታይዋንኛ ያመለጠው ልጅ አንገቱ ላይ ሰሌዳ ተንጠልጥሎበት ይውል ነበር። ያ ሰሌዳ ያስፈራቸው ሰዎች አድገው የራሳቸውን ልጆች በማንዳሪን ብቻ አሳደጉ። አሁን ባሏ የእናቱን ቋንቋ ይሰማል እንጂ መመለስ አይሆንለትም፤ ሊያ ደግሞ ጭራሽ አትሰማውም።

ስልኩን ዘግቼ ሽንኩርቱን ትቼው ብዙ ተቀመጥሁ። የእኔን እናት ማንም ሰሌዳ አላጠለቀላትም። እሷ በገዛ እጇ ነው ያጠለቀችው።

እናቴ የአገው ልጅ ናት፤ ከዱርቤቴ ወዲያ፣ ከዳንግላም አልፎ ካለው ደጋ ነው አባቴ ያመጣት። አባቴ የሐሙሲት ሰው ነበረ፣ ባሕር ዳር መጥቶ ፋብሪካ ገባ፤ እኛም ከየአገሩ ተሰብስበው የመጡ የፋብሪካ ሰዎች በሚኖሩበት ግቢ፣ ከሐይቁ ብዙም ሳንርቅ፣ አንድ ክፍልና አንዲት ጭስ የጠገበች ማድቤት ይዘን አደግን። ለሥራ መግቢያው የፋብሪካው ጡሩምባ ሲጮህ ወንዶቹ ተንጋግተው ይወጡና ግቢው የሴቶችና የልጆች ይሆናል፤ ያኔ ልብስ የሚሰጣበት ገመድ ሥር ወሬው ይደራል፣ የወሎዋ በወሎኛ፣ የሸዋዋ በሸዋኛ አማርኛውን ትዘረጋዋለች፣ እናቴ ብቻ ቃል እየመረጠች፣ ድንጋይ እየረገጠ ወንዝ እንደሚሻገር ሰው፣ ቀስ ብላ ትከተላቸዋለች። አማርኛዋ ስሕተት አልነበረበትም፤ ዜማው ብቻ ሌላ ነበር፣ ሰው ያልጠበቀው ቦታ ላይ ይነሣል። ለሳቅ ይኸው ይበቃ ነበር።

«የናንተ አገር ፈረስ በአገውኛ ካላዘዙት አይሄድም አሉ፣ እውነት ነው እንዴ?» አለቻት አንድ ቀን የሸዋዋ ጎረቤታችን፣ ሌሎቹን እየጠቀሰች።

«አማርኛ የሚሰማም አለ፣» አለች እናቴ ልብሱን እየጨመቀች፣ «እሱ ግን ወሬ ስለሚያበዛ አንጭነውም።»

ግቢው በሳቅ ፈረሰ፤ ጎረቤታችንም አብራ ሳቀች፣ ቀልዷ ተመልሶባት። እናቴ ግን አልሳቀችም፤ እኔ ከእግሯ ሥር ተቀምጬ ከታች ወደ ላይ ፊቷን አይ ነበር።

አገውኛዋን የምታወጣው ለሁለት ነገር ብቻ ነው። አንደኛው ለእኅቷ፣ ለአክስቴ ለጥሩነሽ፤ እሷ በገበያ ቀን በአውቶቡስ ድንችና ማር ተሸክማ ስትመጣ፣ ሁለቱ የሚታጠብ ልብስ ባይኖር እንኳ የታጠበውን ይዘው ወደ ሐይቁ ይወርዳሉ። ጥቁሮቹ ድንጋዮች ላይ ተቀምጠው፣ እግራቸውን ውሃ ውስጥ ነክረው፣ ደንገል የጫኑ ታንኳዎች ሲያልፉ እያዩ ያወራሉ። እኔም ከኋላቸው ተደብቄ እመለከታት ነበር፤ እናቴን ሳይሆን ሌላ ሴት ያየሁ ይመስለኝ ነበር። ያቺ ሴት በእጇ እያወራች፣ አቋርጣ እየተናገረች፣ ወደ ኋላዋ እስክትጋደም ትስቃለች፤ ድምፅዋ ከቤቱ ድምፅ ይወፍራል፣ ይፈጥናልም። ወደ ግቢው በር ሲቃረቡ ግን ወሬው በመሀል ይቆረጥና እናቴ በአማርኛ «ዛሬ ፀሐዩ እንዴት ነው?» ትላለች፣ ማንም ሳይጠይቃት።

ሁለተኛው ለዶሮዎቿ ነው። ጠዋት ከማድቤቱ ኋላ ጥሬ እየበተነች በአገውኛ ትጣራቸዋለች፣ ትመርቃቸዋለች፣ ስንዴ ላይ የወጣችውን ትሰድባታለች፤ ዶሮ አይስቅባትም። እኛ ልጆቿ በአማርኛ «እሽ! እሽ!» ብንል ጉሮሯችን ይሰነጠቃል እንጂ ንቅንቅ አይሉም፤ እሷ አንዲት ቃል ስትል ግን ከየአጥሩ ሥር እየተሯሯጡ ይመጣሉ። ለወሎዋ ጎረቤታችን የሰጠቻት ዶሮ እንኳ ያቺን ቃል በሰማች ቁጥር አጥር ዘላ ትመለስ ነበርና፣ «ይቺ ዶሮሽ አማርኛ እስክትለምድ እሰራት ወይ?» ትላት ነበር ሴትየዋ። ከቤታችን አገውኛ የሚያውቁት እንግዲህ ዶሮዎቹ ነበሩ። አንድ ቀን «እኔንም አስተምሪኝ» ብላት ጥሬ በያዘችበት እጇ ጉንጬን ዳበስ አደረገችና፣ «ምን ያደርግልሻል ልጄ? በእኔ የተሳቀው ይበቃል» አለችኝ። ደስ አላለኝም፣ ግን ደግሜ አልጠየቅኋትም፤ ልጅ ነበርሁ፣ ነገም ያለ ይመስለኝ ነበር።

አባቴ ሲሞት ከአራተኛ ክፍል ወጥቼ ከእናቴ ጋር ጠላ መጥመቅ ያዝሁ፤ አክስቴ ጥሩነሽም በአንድ ክረምት አረፈች፤ ከዚያ በኋላ እናቴ ወደ ሐይቁ የምትወርደው ልብስ ሲኖር ብቻ ሆነ። አገባሁ፣ መሠረትን ወለድሁ፣ እናቴን ወደ ቤቴ አመጣኋት። መሠረት ትምህርት በጀመረችበት ዘመን፣ ዝናቡ ባልተወበት ወር፣ እናቴ ከመደቡ ላይ ስትነሣ ወደቀች፤ ስትነቃ አማርኛዋ የለም።

መጀመሪያ የምትቃዥ መስሎን ነበር። ሐኪሙ «ብርድ እንዳይመታት» ብሎናልና መስኮቱን በብርድ ልብስ ጋረድን፣ በሩን ገጠምነው። የምትለው አይገባንም፤ አንዲት ቃል ግን ገባችን፣ ገባችን ብለን ደስ አለን። «እማ፣ ውሃ ላምጣልሽ?» ስላት «አዋ» ትለኛለች። «ትራሱን ከፍ ላድርግልሽ?» ስላት «አዋ»። ምላሷ ስለተያዘ «አዎ» ማለቷ ነው ብለን፣ ያልነውን ሁሉ እናደርግላት ጀመር። «በርዶሻል? ጋቢ ልጨምርልሽ?» እላታለሁ፤ «አዋ፣ አዋ» ትላለች፣ ዐይኗን ወደተጋረደው መስኮት እየመለሰች፤ እኔም እደርብላታለሁ። መሠረት ትንሽ ሆና የራሷን ነጠላ አምጥታ ከላይ ጣል አደረገችላት። ውጭ መስከረም ጠብቶ፣ ሐይቁ ዐይን የሚወጋ ብርሃን ለብሶ ነበር። እናቴ በዚያ ጨለማ ክፍል፣ በጋቢ ላይ ጋቢ ተጭኗት፣ «አዋ» እንዳለች አረፈች።

ለቅሶው ላይ ከአገሯ ዘመዶቿ መጡ። ደረቴን እየመታሁ፣ እንደ ወጉ ሙሾ እያወረድሁ አለቀስሁላት፤ «ምን ላድርግልሽ ስላት እስከ መጨረሻው አዋ፣ አዋ ስትለኝ፣ ለሁሉም እሺ ባይዋ እናቴ!» አልሁ። የአጎቷ ልጅ አያ ተሰማ ከአጠገቤ ተቀምጠው ነበር። ጎንበስ ብለው ክንዴን ያዙኝ።

«አዋ ነው ያለችሽ? አዎ አይደለም?»

«አዋ ነው፣ አያ።»

ክንዴን ለቀቁት። አለመናገር የፈለጉ ይመስለኛል፤ ግን ከአፋቸው ወጣ። «አዋ በእኛ ፀሐይ ናት፣ ልጄ» አሉኝ፤ ወዲያው ጋቢያቸውን በፊታቸው ላይ ሳቡት።

ይህን ለመሠረት ነግሬያት አላውቅም ነበር፤ ነጠላዋን አስታውሳ እንዳትፀፀት ፈርቼ። መቼም እኔ ፈሪ ሰው ነኝ፤ አውሮፕላን እፈራለሁ፣ ዘግይቶ የሚመጣ ስልክ እፈራለሁ፣ ከሁሉ በላይ ደግሞ የልጅ ልጄ አፏን ስትከፍት የማትገባኝ ሰው ሆና እንዳታድግ እፈራለሁ። በዚያ የሽንኩርት ጠዋት ግን ድጋሚ ደወልሁና ሁሉንም ነገርኋት።

«ታዲያ ምን ላድርግ እማ?» አለችኝ።

«የሚሰማቸው ሰው ፈልጊ። አንቺም ተማሪላቸው፤ ሊያም አጠገባቸው ተቀምጣ ትማር።»

«ሊያ እኮ ማንዳሪን አለባት፣ እንግሊዝኛ አለባት። አማርኛውን ገና አሁን ልጀምርላት ነበር። ይኼ ከተጨመረባት የኛን መቼ ልትማረው ነው? አንቺስ?»

አንቺስ ስትለኝ፣ የእኛን አስቀድሚ ልላት አፌ ላይ ደርሶ ነበር፣ እግዜር ያውቃል። ግን ያ ድምፅ ጆሮዬ ላይ ነበረ። «እሳቸው አጠገብሽ ናቸው፣ እኔ ሩቅ ነኝ» አልኋት። «የሳቸውን አስቀድሙ።» ካለሁ በኋላ ፈራሁ፤ የተናገርሁትን መልሼ መዋጥ አማረኝ፤ እሷ ግን «እሺ እማ» ብላ ነበር።

አሁን እኒያ የማዶ አሮጊት ውሃ ሲሉ ውሃ ይሰጧቸዋል። ጎረቤታቸው አትክልት የምትሸጥ ሴት እየመጣች መሠረትንና ሊያን ታስተምራቸዋለች፣ ሊያም ከእናቷ ቀድማ ትይዘዋለች አሉ፤ ደስ ይለኛል፣ ውሸት አይደለም። እኔ ግን የእናቴ ቋንቋ፣ ያ ሁሉ ሀብት፣ የት እንደገባ አላውቅም። ዝናብን ምን ትለው እንደነበር፣ ያቺን ስንዴ ላይ የወጣች ዶሮ ምን ብላ እንደሰደበቻት፣ በልቧ እኔን ምን ብላ ትጠራኝ እንደነበር አላውቅም። በአማርኛ «ልጄ» ትለኝ ነበር፤ እሱ የተዋሰችው ቃል ነው፤ የራሷ ሳይወጣ ቀረ።

ባለፈው እሑድ ከቤተ ክርስቲያን ስመለስ መሠረት በምስል ደወለች። አማቷን ወደ ሌላ ጎን ልታገላብጣቸው ተነሣችና ስልኩን ለሊያ ሰጥታት ሄደች፤ እኔና የልጅ ልጄ ለመጀመሪያ ጊዜ ያለ አስተርጓሚ ተገናኘን። የፊት ጥርሷ ወልቋል። ፊቷን ወደ ስልኩ አቅርባ፣ ዐይኗን በዐይኔ ላይ ተክላ፣ አንድ ነገር ጠየቀችኝ። «ወይ የኔ እናት» አልሁ። ራሷን ነቀነቀች፤ እሱን አይደለም። እንደገና ጠየቀችኝ፣ አሁን ቀስ ብላ፣ ቃል በቃል እየለያየች፣ ለደንቆሮ ሰው እንደሚናገሩት፣ ከዚያ መልሴን ጠበቀች። በየትኛው ቋንቋ እንደሆነ እንኳ አልለየሁም። ብዙ ጠበቀች፤ ከዚያ ስልኩን በፊቱ ደፋችው፣ መስተዋቱም ጨለመ።