ስሙን ያልጠየቅነው ለቀስተኛ

ሰው ወጥ ሲሠራ ዘፈን ይከፍታል፤ የእኔ ልጅ ሬሳ ትከፍታለች። እሁድ ዕለት እዚሁ ጄኔቫ፣ ቬርኒየ የሚባለው ሰፈር ባለው ቤታችን ሽንኩርት እየከተፈች በስልኳ የአሜሪካ ነፍሰ ገዳዮችን ታሪክ ታዳምጥ ነበር።

«ማማን፣ ስሚ! አንዳንድ ገዳይ ቀብር ይመጣል አሉ። ከሰዎቹ ጋር ያለቅሳል።»

«አውቃለሁ» አልኳት። ቢላዋውን አስቀመጠች።

ሰዓዳና እኔ ያኔ ሃያ ዓመት እንኳ በቅጡ አልሞላንም። ሁለታችንም የወሎ ልጆች ነን፤ ፓኪ በሚባለው የጄኔቫ ሰፈር የሆቴል አልጋ እያነጠፍን አንዲት ጠባብ ክፍል ተጋርተን እንኖር ነበር። ኅዳር ነው፤ ቢዝ የሚሉት ነፋስ ከሐይቁ ተነስቶ ጆሮ ይቆርጣል። አንድ ቅዳሜ ፕላንፓሌ አሮጌ ዕቃ ከሚሸጥበት ገበያ ሰዓዳ ቀይ ሻርፕ ገዛችና እዚያው አንገቷ ላይ ጠመጠመችው። ትራም ፌርማታው ላይ ተለያየን። በማግስቱ ሐይቁ ዳር ሞታ ተገኘች። ሰው ነው የገደላት አሉን። ሻርፑ አልተገኘም።

ለቅሶ የተቀመጥነው ጋሽ ይመር ቤት ነው። ከሁላችን በፊት የመጡ፣ አባት የሆኑልን ሰው ነበሩ። ስንዴና ሽምብራ ተቀቀለ፤ ሙስሊሙም ክርስቲያኑም መጣ፤ ከዙሪክ ሳይቀር በባቡር የደረሰ ነበር። ለቅሶ ቤት ደግሞ ማን ነህ ተብሎ አይጠየቅም። የመጣ ይቀመጣል፣ የቀረበለትን ይቀምሳል፣ አላህ ያጽናችሁ ብሎ ይሄዳል።

አንድ ጎልማሳ ግን ሦስቱንም ቀን መጣ። ወንበር ያቀብላል፣ እጅ ያስታጥባል፣ ሲያለቅስ ከእኛ ይብሳል። ምን ያለ ደግ ሰው ነው ብዬ መርቄው ነበር፤ ምነው አፌን በቆረጠው!

በሦስተኛው ቀን ንፍሮ ሲያቀብለኝ ጎንበስ አለና፣ «አይዞሽ እህቴ» አለኝ። «ያ ቀይ ሻርፕ እንዴት ያምርባት ነበር!»

ሰዓዳ ያን ሻርፕ ያደረገችው በሕይወቷ አንድ ከሰዓት ብቻ ነው። ከእኔ ጋር ሳለች ያገኘን ሰው የለም፤ ከተለየችኝ በኋላ አይቷታል ማለት ነው። እንደዚያን ቀን ፈርቼ አላውቅም። ንፍሮውን አስቀምጬ ኩሽና ገባሁ።

«ጋሽ ይመር፣ ያ የሚያስታጥበው ሰውዬ ማነው?»

«ያንቺ ዘመድ አይደለም እንዴ?» አሉኝ።

ስንወጣ ወንበሩ ባዶ ነው፤ ሻዩ ገና አልበረደም። ፖሊስ ሁሉንም ጠየቀ። የዙሪኮቹ የጄኔቫ ሰው መስሎን ነበር አሉ፤ የጄኔቫዎቹ የዙሪክ። ከዚያ ወዲህ ያየው የለም።

ልጄ ስልኳን ዘጋች። «ለዚህ ነው ለቅሶ ቤት ሁሉንም ሰው የማን ዘመድ ነህ የምትይው?»

በዚህ ጠባዬ ታፍርብኛለች። ሰውም ባለጌ ይለኛል፤ ይበለኝ። አሜሪካኖቹ ሳይያዝ ላመለጠ ገዳይ እንኳ መጠሪያ ያወጡለታል፤ እኛ ሦስት ቀን አብልተን አጠጥተን ስሙን አልጠየቅነውም። ዛሬ በሕይወት ካለ ሸምግሏል። ለቅሶ ቤት ሲገባ ብድግ ይሉለታል፤ ደህና ቦታ ይለቁለታል፤ ሽማግሌን ማን ነዎት ብሎ የሚደፍር የለም።

እኔ ግን እጠይቃለሁ።