ከቤት እስከ ቀበሌው

የቀይ ሽብርን ዘመን በፊልም ለመሥራት ስነሳ የከበደኝ ሰው ማናገሩ ነበር። ለዓመታት የሰው በር አንኳኩቻለሁ። አንዳንዱ "እሱ ነገር አልፏል" ብሎ ይሸኘኛል፤ ሌላው ካሜራዬን ሲያይ እንባው ይቀድመዋል። ካዛንቺስ፣ ከቢሮዬ ጀርባ የሚኖሩ አንዲት እናት ግን ሁሌም በደስታ ተቀብለው፣ ስለ ልጃቸው አንድም ቃል ሳይተነፍሱ ይሸኙኝ ነበር። ልጁ ተማሪ ሳለ ከቤት ተወስዶ እንደተገደለ የሰማሁት ከሰፈር ሰው ነው።

ሰፈሩ ሊፈርስ መሆኑ ሲነገር ራሳቸው ደወሉልኝ።

"ካሜራሽን ይዘሽ ነይ" አሉኝ። "ከዚህ ሳልወጣ ልናገር።"

ስደርስ የቤቱ ዕቃ ግማሹ ተነስቷል። ሸምገል ያሉ ጎረቤታቸው አልጋውን ይፈታታሉ። አውቃቸዋለሁ፤ የዕድሩ ሰብሳቢ ናቸው። የእናትየው ባለቤት ሲያርፉ ድንኳኑን ያስተከሉት እሳቸው ነበሩ። ካሜራዬን አስተካክዬ ትንሿን ማይክ የእናትየው ነጠላ ላይ ሰካሁ።

"ማን ነበር የወሰደው?" ብዬ ጠየቅኋቸው።

ወደ አልጋው ዞሩ። "አንተ፣ እሱን ተውና ና ተቀመጥ። ራስህ ንገራት።"

ሰውየው መፍቻውን መሬት አስቀመጡ። ካሜራውን ላጥፋ አላጥፋ እያልኩ ሳመነታ መጥተው በርጩማው ላይ ተቀመጡ።

"እኔ ነኝ" አሉ። "ያኔ የቀበሌው አብዮት ጠባቂ ነበርኩ። ለጥያቄ ይፈለጋል፣ ሂድና አምጣው አሉኝ። አመጣሁት።"

እናትየው አላለቀሱም። "መውሰድህንማ አውቃለሁ፤ በሩን የከፈትኩልህ እኔ ነኝ። ከዚህ እስከ ቀበሌው ስትሄዱ ምን አለህ? እሱን ንገረኝ።"

ሰውየው አንገታቸውን ደፉ። "'እናቴ ደጅ ቆማ እንዳትጠብቀኝ ንገራት፣ ብርዱ አይስማማትም' አለኝ።"

"ታዲያ ለምን አልነገርከኝም?"

"እንዴት ብዬ፣ እትዬ?"

እናትየው ነጠላቸውን ፊታቸው ላይ ሳቡ። ካሜራውን አጠፋሁ። ሰውየው ተመልሰው አልጋውን ፈቱ፤ እሳቸውም አልከለከሏቸውም።

ፊልሙን እያቀናበርኩ ሳለ ሰውየው ቢሮዬ መጡ። "ልጆቼ አያውቁም። መጀመሪያ ከእኔ አፍ ይስሙት" አሉኝ። ጠበቅኋቸው። ወራት ቆይተው ደወሉ፤ ድምፃቸው ደክሟል።

"ነግሬያለሁ። ትልቋ ልጄ ቤቴ መምጣት ትታለች። አንቺ ግን አሳዪው።"

ፊልሙ መስቀል አደባባይ አጠገብ ባለ ትንሽ አዳራሽ ሲታይ ሁለቱም መጡ፤ ተራርቀው ተቀመጡ። ያየው ሰው ሁሉ "ታረቁ ወይ?" ይለኛል። እናትየውን አንድ ቀን ጠይቄያቸው ነበር።

"እሱን ተዪው" አሉኝ። "ትልቋን ልጁን ግን ላናግራት እፈልጋለሁ።"

ስልኳን ፈልጌ ሰጠኋቸው። እንደደወሉላት አውቃለሁ። ምን እንደተባባሉ አልነገሩኝም፤ እኔም አልጠየቅሁም።