በጣቷ የጻፍኩት አምስት

አሥራ ዘጠኝ ዓመቴ ነበር፤ ጫልቱ አሥራ ስድስት። ከዚያ ወዲህ አግብቻለሁ፣ ወልጃለሁ፣ ሁለት ቤት ቀይሬአለሁ። የነፍስ አባቴ ፊት ስንት ጊዜ ተንበርክኬ ትንሹንም ትልቁንም ዘክዝኬአለሁ። ይህችን ግን አንድም ቀን ከአፌ አውጥቻት አላውቅም። ለባሌ አልነገርኩም፣ ለእናቴ አልነገርኩም። «በቴሌቪዥን ጨዋታ ምክንያት ነው እንዴ ይህ ሁሉ?» ትሉኝ ይሆናል። በሉ መጀመሪያ ስሙኝ፤ ከዚያ እንደፈለጋችሁ ፍረዱ።

ጫልቱ ያጎቴ ልጅ ናት። ዓይኗ ከሕፃንነቷ ጀምሮ አያይም። ተወልዳ ያደገችው መናገሻ ነው፤ ሰበታ ዓይነ ስውራን ትምህርት ቤት በአዳሪነት ስትማር ቅዳሜና እሁድ እኛ ቤት ትመጣ ነበር። እኔ ያኔ ስምንተኛ ክፍል ላይ አቋርጬ ልብስ ስፌት ቤት ተቀጥሬአለሁ። ትምህርቱን ብተወውም ማንበቡን አልተውኩትም፤ ስኳር የተጠቀለለበት ጋዜጣ እንኳ ሳላነበው አይጣልም። ማውራትም እወዳለሁ። ጫልቱን ከትምህርት ቤት ስቀበላት እስከ ቤት ድረስ ያየሁትን ሁሉ እተርክላታለሁ።

«አሁን አንድ ሰውዬ ፍየል በባጃጅ ጭኖ እያለፈ ነው። ፍየሉ አንገቱን አውጥቶ ሰው ያያል።»

«ሰውዬው ነው ወይስ ፍየሉ ነው የከፈለው?» ትላለች፤ መንገድ ላይ ቆመን እንስቃለን።

«ኢጀ ኮ» ነበር የምትለኝ በኦሮምኛ። ዓይኔ ማለት ነው። ልብ በሉልኝ፤ ዓይኔ ትለኝ ነበር።

ከስፌት ቤታችን ማዶ የኦቦ ደቻሳ ጌም ቤት ነበር። አራት ቴሌቪዥን አለው። ሦስቱ ላይ ቀኑን ሙሉ ኳስ ነው። አራተኛው ላይ ግን አንድ የውድድር ጨዋታ ነበር፤ ኳሱን ትተው የሚያዩት እሱን ነው። አሥራ ሁለት ተወዳዳሪዎች በረዶ የሞላው ተራራ ላይ ተወስደው ይጣላሉ። እሳት አንድደሽ፣ ውሃ ፈልገሽ፣ የየቀኑን ፈተና አልፈሽ፣ ከተራራው ማዶ ያለውን የብረት በር ካለፍሽ አሸነፍሽ። ደስ የሚለው ግን መጨረሻው አንድ አለመሆኑ ነው። እንደ አካሄድሽ አምስት መጨረሻ አለው። ጨዋታው ሲጀምር አምስት የተቆለፉ በሮች ያሳይሻል፤ አንድ መጨረሻ ላይ በደረስሽ ቁጥር አንዱ በር ይከፈታል።

ኦቦ ደቻሳ ግድግዳውን ጥቁር ቀለም ቀብተው ከአንድ እስከ አምስት በጠመኔ ጽፈው ነበር። አንድን መጨረሻ ቀድሞ የከፈተ ሰው ስሙ ከቁጥሩ አጠገብ ይሰፍራል። አንደኛው በብርድ መሞት ነው። የከፈተው ልጅ ገና በአምስት ደቂቃው ነበር የደረቀው፤ ግን ስሙን እያሳየ ደረቱን ነፍቶ ይሄዳል። ሁለተኛው በረሃብ መሞት፣ ሦስተኛው በተወዳዳሪዎቹ ድምፅ መባረር ነው። አራትና አምስት አጠገብ ስም አልነበረም። አራተኛው በር ላይ የአንድ ሰው ጥላ ይታያል፤ አምስተኛው ላይ የሁለት ሰው። ሁለት ሰው እንዴት አድርጎ እንደሚወጣ የሚያውቅ ግን በሰበታ አልተገኘም።

ጫልቱን መጀመሪያ ይዣት የገባሁት ከዝናብ ለማስጠለል ነው። በሩ አጠገብ ቆማ ጥቂት አዳመጠችና «ከኋላው ሰው አለ» አለች። የሚጫወተው ልጅ ሳቀ። ሳቁን ሳይጨርስ ከኋላው መጥተው ገፉት፤ ገደል ገባ። ሰው ሁሉ ወደ ጫልቱ ዞረ! ያን ቀን ጆይስቲኩን ያዝኩ። ከመስቀል እስከ ገና በየቅዳሜው ተጫወትን። እኔ ዓይንና እጅ ነበርኩ፤ ሌላው ሁሉ ጫልቱ ናት። አንገቷን ደፍታ በረዶ ሲሰነጠቅ ትሰማለች፣ ከድንጋይ ጀርባ ውሃ ሲንጠባጠብ ትሰማለች። እኔ የማየውን እነግራታለሁ፤ የምናደርገውን እሷ ትወስናለች። እንግሊዝኛውን ከመዝገበ ቃላት እየፈለግኩ አነብላታለሁ። ሰው ኳሱን ትቶ እኛን ማየት ጀመረ።

ጨዋታው ከተወዳዳሪዎቹ አንድ ጓደኛ ያስመርጣል። ሰው ሁሉ ጡንቸኛውን ነው የሚመርጠው። ጫልቱ የመረጠችው ቁጥር ሰባትን ነው፤ የሚያነክስ፣ የሚያስል ሽማግሌ። «አባ ሰባት» አለቻቸው። በአንቱታ ነበር የምታናግራቸው፤ ቴሌቪዥኑን!

«አባ ሰባት፣ ይብሉ እንጂ፤ ምን ያፍራሉ?»

«ጫልቱ፣ ምርቃትም ተቀበያቸው!» ይላል ሙክታር፤ ቤቱ በሳቅ ይፈርሳል። ሙክታር የሂክማ ወንድም ነው። ሂክማ ደግሞ ትምህርት ቤት የጫልቱ የአንድ ዴስክ ልጅ ናት። አንድ የብሬል መጽሐፍ ለሁለት በአራት እጅ ያነባሉ፤ አንዷ የሌላዋን ፀጉር ትሠራለች። ይህችን ሂክማን አትርሱብኝ።

ከገና በፊት ያለችው ቅዳሜ ከሰዓት ላይ በሩ ዘንድ ደረስን። ከእኛ በፊት የደረሰ የለም! ሰው አግዳሚ ወንበር ላይ ቆመ፤ ኳስ ተጫዋቾቹ ጆይስቲካቸውን ጥለው መጡ። በሩ መዘጋት ጀመረ፤ ስልሳ ሴኮንድ። እኔ በሩ ሥር ነኝ። አባ ሰባት ከኋላ፣ ከበረዶው ውስጥ እግራቸውን እየጎተቱ ይመጣሉ። አንዲት ቁልፍ ብጫን እገባለሁ።

«እንዳትጫኚ!» አለች ጫልቱ ክንዴን ይዛ። «እየሳሉ ነው፤ እየመጡ ነው። ጠብቂያቸው።»

አርባ። ሠላሳ። «ግቢ! ግቢ!» ይላል ሰው። ሃያ ላይ አባ ሰባት ወደቁ። «አስኒ፣ አሥራ ሁለት ቀረሽ!» አለ ሙክታር። ስምንት ላይ አባ ሰባት ተነሱ። አየኋቸው። ቆመው እጃቸውን ወደ እኔ ዘረጉ።

እኔ ጫንኩ።

ደንግጬ ነው ብል በወደድኩ። አልደነገጥኩም። አራተኛው በእጄ ነው፣ አምስተኛው ግን ምን ይታወቃል ብዬ ነው። ስሜ ያን ግድግዳ ላይ እንዲወጣ ነው። እያየሁ ጫንኩ፤ በሩ ከኋላዬ ተዘጋ፤ ጨዋታው ራሱ መዘገበው። ኦቦ ደቻሳ ለአንድ ሰው አንድ ቦታ ብቻ ነው የሚሰጡት፤ ወደ ኋላ መመለስ የለም።

ቤቱ ተገለባበጠ! ወንበር ወደቀ፣ ሰው ተቃቀፈ። የኦቦ ደቻሳ ሚስት ከጓዳ ወጥተው ነገሩን ሳይጠይቁ እልልታቸውን አቀለጡት። በዚያ ሁሉ ጩኸት መሐል ጫልቱ የሰማችው ነገር የለም። ክንዴን ትነቀንቃለች።

«ገቡ? አባ ሰባት ገቡ?»

እውነቱን ለመናገር አንዲት ቃል ትበቃኝ ነበር። ምን ነበረበት «አልገቡም» ብል? ፊቷን አየሁ፤ እንደዚያ ሲበራ አይቼው አላውቅም።

«ገቡ!» አልኩ። «ሁለታችንም ገባን! አምስተኛው ነው!»

ጫልቱ ዘለለች። በትሯ ወደቀ፤ ሳታነሳው ጨፈረች። ኦቦ ደቻሳ ጠመኔያቸውን አንስተው ከአራት ቁጥር አጠገብ «አስናቀችና ጫልቱ» ብለው ሲጽፉ እኔ እሷን እየጎተትኩ ወጣሁ። እስከ ቤት ድረስ መጨረሻውን ተረኩላት። አባ ሰባት ደረታቸው ላይ ያለውን ቁጥር ቀድደው በረዶው ላይ ጣሉት አልኳት። ከበሩ ማዶ ሣር አለ፣ ፀሐይ አለ፤ ሣሩ ላይ ተቀምጠው ዳቦ ቆርሰው ግማሹን ለእኔ ሰጡኝ አልኳት። በሕይወቴ ካወራሁት ሁሉ የሚያምረው ያ ነው። አንዷም ቃል እውነት አልነበረባትም።

እዚያው ቢቀር እኮ አንድ ውሸት ነው። አልቀረም።

ጫልቱ ከገና በኋላ ትምህርት ቤት ተመልሳ ዳቦውንም ሣሩንም ለመኝታ ክፍሉ ሁሉ አወራች። ሂክማም ሰማች። ኋላ ለብቻዋ ጠርታ «ሙክታር አራተኛው ነው ብሎኛል፤ ሽማግሌውን ትተዋቸው ነው የወጡት» አለቻት። ሰው ፊት እንኳ አልተናገረቻትም፤ ጓደኛ ናትና።

ቅዳሜ እንደመጣች ጫልቱ ጠየቀችኝ።

«ዱጋዳ? እውነት ነው?»

«ሙክታር ቀንቶ ነው» አልኩ። ሁለተኛው ውሸት።

«ግድግዳው ጋ ውሰጂኝ» አለች።

ወሰድኳት። ጠዋት ነው፤ ጌም ቤቱ ገና ሰው አልገባበትም። ኦቦ ደቻሳ ደጁን እየጠረጉ «አካም ቡልተን» ብለው እንዴት እንዳደርን ጠየቁን፤ «ነጋ፣ ደህና» አልናቸው። ጫልቱ የዓይናማ ቁጥር ታውቃለች። ያስተማርኳት እኔ ነኝ፤ መዳፏ ላይ በጣቴ እየጻፍኩ። ጠመኔ ግን በእጅ አይዳሰስም፤ ይህንንም አውቃለሁ። አመልካች ጣቷን ያዝኩ። ስማችን አጠገብ ካለው አራት ላይ አሳረፍኩት። ከዚያ በራሷ ጣት አምስት ጻፍኩ። መጀመሪያ ወደ ታች፣ ከዚያ ሆዱን፣ በመጨረሻ ከላይ ያለችውን ሰረዝ። ቀስ ብዬ፣ እንዳትስት።

«አምስት!» አለች። ጣቷ ጫፉ ነጭ ሆኗል። ቀሚሷ ላይ ጠርጋው ሳቀች። እኔም አብሬአት ሳቅሁ።

ጨዋታው ላይ የዋሸሁት በግርግር መሐል ነው እንበል። ይህኛውስ? ማን ጮኸብኝ? ስንት ሴኮንድ ቀርቶኝ ነበር? ጊዜ ነበረኝ። እጇን ይዤ፣ አስቤ፣ በእጇ ዋሸኋት።

ሰኞ ጫልቱ በመኝታ ክፍሉ ልጆች ሁሉ ፊት ሂክማን ውሸታም አለቻት። «በጣቴ ዳስሼዋለሁ!» አለቻት። ሂክማ በአላህ ስም ማለች፤ አለቀሰች፤ የሰማት የለም። ጫልቱ ዴስኳን ቀየረች። ትምህርታቸውን ጨርሰው እስኪወጡ ሳይነጋገሩ ቀሩ። በሚቀጥለው ቅዳሜ ጫልቱ ይህን ሁሉ በኩራት ነገረችኝ፤ «አንቺን ውሸታም የምታስብል መስሏታል እንዴ!» አለችኝ። እኔ ምን አልኩ? «ደግ አደረግሽ» አልኩ። አዎ፣ እኔ ነኝ ያልኩት።

ጌም ቤቱ አሁን ፍራሽ መሸጫ ሆኗል፤ ግድግዳውም ነጭ ተቀብቷል። ጫልቱ ቡራዩ ታስተምራለች። በተገናኘን ቁጥር «እስቲ የዳቦዋን ንገሪኝ» ትላለች፤ እኔም እነግራታለሁ። ለተማሪዎቿም ታወራዋለች፤ ደካማን ጥሎ አለመሄድ ማለት ይህ ነው እያለች። ያ ወሬ በተነሳ ቁጥር የማየው ሣሩን አይደለም፤ ነጭ የሆነውን ጣቷን ነው። ያኔ ልጅ ነበርኩ አልልም። ጨዋታ ነው እኮ አልልም። ለደስታዋ ብዬ ነው አልልም፤ ደስታዋን ወድጄዋለሁ፣ ግን ከደስታዋ ይልቅ ዓይኔ መባሉን ነው የወደድኩት። ሂክማን ይቅርታ እጠይቃለሁ፤ ስሟን ያጠፋሁት እኔ ነኝ። ጫልቱንም።

ጽሑፌ እዚህ ላይ ነበር የሚያበቃው። ግን ከእሷ በፊት እናንተ ብትሰሙት ሌላ በደል ይሆንብኛል ብዬ መጀመሪያ ለጫልቱ ላክሁላት። ስልኳ ጽሑፍ ያነብላታል። ሦስት ቀን አለፈ። በአራተኛው ደወለች፤ ሰላምታ የለም።

«ስትጫኚ ስንት ቀርቶ ነበር?»

«ስምንት።»

«ቆመው ነበር?»

«ቆመው ነበር። እጃቸውን ዘርግተው ነበር።»

«ይደርሱ ነበር» አለች። ከዚያ ሂክማ የት እንዳለች ጠየቀችኝ። ሙክታር ገበያ አጠገብ ሱቅ አለው፤ ሄጄ ጠይቄው መልሼ ደወልኩላትና ሱሉልታ ባለትዳር ሆና እንደምትኖር ነገርኳት። የሂክማን ስልክ ቁጥር ሁለት ጊዜ አስደግማኝ ዘጋችው።

እሁድ ጠዋት ጫልቱ በትሯን ይዛ ከቡራዩ ተነሣች፤ ታክሲ ቀያይራ ሱሉልታ ሂክማ ቤት ሄደች። አብረን እንሂድ አላለችኝም።